ሰፋሪ

ቀን ቀን ጨጨላ ነኝ፥ ከቦኖው አጠገብ፥
ጀሪካን ስቆጥር፥ ሳንቲም ስሰበስብ።
ሠልፉ ቢጫ እባብ ነው፥ ጅራቱ አይታይም፤
ውሃው ሲመጣም ሲሄድም ለማንም አይነግርም።
ሥራዬ መስፈር ነው፤
ለእትዬ ባንቺአምላክ ሁለት፥ ለላቀው ሦስት፥ ለቄሱ አንድ፥
ማንም ከልኩ እንዳይበልጥ፥ ማንም ባዶውን እንዳይሄድ።

ማታ ግን ማንደፍሮ ጌም ቤት፥ በሰዓት አሥራ አምስት ብር፥
ካለቀ ዓለም ላይ እነሣለሁ መንደር ልቆረቁር።
ሰማዩ ዝገት ነው፤ አፈሩ አመድ፤ መንገዱ የመኪና ዐፅም፤
ምን እንደ ተቃጠለ ጌሙ አይናገርም፥ እኔም አልጠይቅም።
ከጭጋጉ ውስጥ አንድ ሁለት እያሉ ይመጣሉ፥
ጨርቃቸው የነተበ፤ "ቦታ አለህ ወይ?" ይላሉ።
አለኝ እላለሁ። አልጋ አነጥፋለሁ፥ ጉድጓድ እቆፍራለሁ፥
ባቄላ እዘራለሁ፤ ለሌሊቱ ጠባቂ ከማማ ላይ አቆማለሁ።

በስክሪኑ ጥግ ቁጥር አለ፥ የደስታቸው ሙቀት፥
ስድሳ ሁለት፥ ስድሳ አንድ፥ እንደ ወባ በሽተኛ ወጣ ወረድ የሚልበት።
ሲያንስ ያጉረመርማሉ፤
ከሠላሳ ሲወርድ ጓዛቸውን ጠቅልለው ወደ ጭጋጉ ይመለሳሉ።

የጎንደር ልጅ አይደለሁ? ግንብ ሠራሁላቸው፤
ማዕዘኑ ላይ እንቁላል የመሰለ ጉልላት፥ አሥራ ሁለት በር፥ እንዲያኮራቸው።
ድንጋዩ ሁሉ አለቀ። ቁጥሩ በሁለት ወረደ።
ለካ ጥላው ባቄላው ላይ ወድቆ ፀሐዩን ጋረደ።
ማንደፍሮ ከኋላዬ ሣቀ፤ "ለነገሥታቱም" አለ፥ "ይህን ማን በነገራቸው!"

ስም የላቸውም። ከራሳቸው በላይ "ሰፋሪ" ይላል፥ "ሰፋሪ"፥ "ሰፋሪ"፤
እኔም ሰፋሪ ነኝ፥ ቀን ውሃ፥ ማታ ደስታ ሰፋሪ።
አንዱን ግን ከመሐል ለይቼ ስም አወጣሁለት፥ ስማቸው፤
የቀሩት ስማቸው ማነው ብትሉኝ፥ ያው እሱ ነው ስማቸው።

አልጋ አለው፥ ውሃ አለው፥ እራት አለው፥ ጠባቂ አለው፤
ሲመሽ ግን ከፈረሰ ግድግዳ ጫፍ ለብቻው ይቀመጣል፤ ምን እንደ ጎደለው
አላውቅም።
የሚያውቀው አንድ ዐረፍተ ነገር ነው፤ ስጠጋው "ዛሬም ዋልን" ይላል፥ ሌላ የለም።
ሬዲዮ ሰጠሁት፥ ውሻ ሰጠሁት፥ ግድግዳውን ቀለም ቀባሁለት፤
ቁጥሩ ሰባ አራት ላይ ተቸንክሮ እንቢ አለኝ፥ ንቅንቅ የለበት።

አንድ ማታ አግዳሚ ወንበር ስሠራ፥ እጄ ስቶ፥ ሁለቱ ተገጣጠሙ፥
ፊት ለፊት፥ ሽማግሌ እንደ ጠራቸው ጠበኞች ተፋጠው ቆሙ።
ላፈርሳቸው ሳመነታ፥ አንዲት ስም የለሽ ሴት ከጉድጓዱ መጥታ ተቀመጠች።
ስማቸው ከግድግዳው ወረደ። "ዛሬም ዋልን" አለ። "ዛሬም ዋልን" አለች።
ሰባ አምስት።

በማግስቱ ቦኖው ላይ ሴቶቹ በተራ ተጣሉ፥ ጩኸቱ እስከ አስፋልት ተሰማ፤
እኔ አንገቴን ደፍቼ ሳንቲም እቆጥራለሁ፥ እንዳልሰማ።
ላቀው ከባጃጁ ሆኖ "ስማቸው እንጂ፥ አንተ ልጅ!" ሲለኝ ብድግ አልኩ፤
ከአጥሩ ጫፍ ላይ ሰውዬውን ፈለግኩ።
ያገኘሁት እትዬ ባንቺአምላክን ነው፥ ከሠልፉ ወገብ ላይ ቆማ፤
ከራሷ በላይ ቁጥር የለም፤ ፀሐይ ብቻ፤ እግሯን ታቀያይራለች፥ ደክማ።

ሁለት ድንጋይ አንከባልዬ ሳንቃ አጋደምኩ፤ ፊት ለፊቱ ሌላ ሳንቃ።
ተቀመጡ፤ ስለ ኪራይ፥ ስለ ልጅ፥ ስለ ጉልበት ሕመም፥ ወሬው እንደ ቧንቧ ነቃ።
ባንቺአምላክ አላመሰገነችኝም። ሳንቃውን በስንዝሯ ለካች፤
"ወንበሩስ መልካም፤ ውሃው መቼ ነው?" አለች።

የዚያን ዕለት ማታ፥ ቁጥሩ ሰባ ሰባት ሊል ሲል፥ መብራት ሄደ። አራዳ ሙሉ ጨለመ።
የሩቅ ጄኔሬተር ሳል ጀምሮ ቆመ።
"ሴቭ አድርገሃል?" አለ ማንደፍሮ።
አላደረግሁም።
የሰሜኑን በር ዘግቼዋለሁ፥ ወይስ ክፍት ነው?
ስማቸው ይዘጋው ይሆን?
እሱ እኮ፥ ሳላዘው፥ በራሱ እግር የሄደው
እስካሁን ወደዚያች ወንበር ብቻ ነው።