ከሃምሳ ሜትር ወዲያ

ሚስተር ቨርጊስ ሲመጣ፣ ሻንጣው አንድ፣ ካፖርቱ የተውሶ፣
ዘመቻው ባለቀ ዓመት፣ ከኮኮናት አገር ገስግሶ፣
ደብረ ብርሃን ወረደ፤ ውርጩ ጆሮውን ነከሰው፣
ከፋብሪካው ብርድ ልብስ ገዝቶ እንደ ጋቢ ለበሰው።
እኛ "ጊዮርጊስ" አልነው። "እውነት ነው፣ ስሜ ያው ነው" አለ እሱ፣
"እኔ በአውሮፕላን ስመጣ፣ እዚያው ቀረ እንጂ ፈረሱ።"

በሻንጣው ውስጥ፣ በሹራብ ተጠቅልሎ፣
ሁለት ኪሎ።
ሆዱ እንጨት፣ ጠርዙ ብረት፣ ሰሐን የመሰለ።
"ምን ይበላበታል?" ስንል፣
"ዕድሜ" አለ።

ጠመኔውን አስቀምጦ የሚያወራ ቀን ነበረ፤
ባንኮክ ላይ አራተኛ ወጥቶ፣ ለነሐስ ዘጠኝ ሳንቲ ቀረ።
የጠመኔ ስባሪ አንሥቶ "ይህቺን ታህላለች" ይለናል፤
(ማታ ቤቴ ለካሁ፤ የእናቴን ማንኪያ አንገት ያህላል።)
ቴህራን ላይ ሦስት ወረወረ፤ ሦስቴም ቀይ ባንዲራ።
አገሩ ሲገባ፣ ጋዜጣው ስሙን እንኳ አልጠራ።
ከዚያ ወዲህ የጠራው የለም፣
የኛ ትምህርት ሚኒስቴር ሲቀር።

በኖራ ክብ አሰመረን፣ ሁለት ሜትር ተኩል ከጫፍ እስከ ጫፍ፤
"ዙሪያውን አስሉ" አለ። ፓይን የተማርኩት ከሣር ነው፣ አልነበረም ከመጽሐፍ።
ልጁ ሁሉ ሯጭ ነው። እኔን ደረቴ ያፍነኛል፤
ሜትር ያዥ አደረገኝ። "ያላንተ" አለኝ፣ "ውርወራ ወሬ ብቻ ይሆናል።"

"አየራችሁ ሳስቷል" ይል ነበር፣ ወደ ጣርማበር እያየ፤
"ዲስክ እንደ ሽማግሌ ነው፤ መደገፊያ ይፈልጋል።
ነፋስ ከኋላ ሲገፋው ደስ አይበላችሁ፤ ይጥላል።
ከፊት ሲመጣ ነው የሚያነሣ።"
ይህን ለፈተና አላመጣውም።
እኔም እስካሁን አልረሳ።

ኅዳር ነው። የአቶ ጓንጉል ገብስ ከአጥሩ ማዶ ቢጫ፣
ነፋሱ ከገደሉ ሽቅብ፣ የበቅሎ እርግጫ።
ብርድ ልብሱን አወለቀ።
አንዴ ዞረ። ተኩል።
ከእጁ ሲወጣ ድምፅ አልነበረውም፤
አጥሩን አለፈ፣ ገብሱ ላይ ዘንበል አለ፣
ሜትሬ ሃምሳ ላይ አለቀ፤
እሱ ገና ይሄድ ነበር።

እስኪጨልም ፈለግን። የለም።
"ስንት ሆነ?" አለኝ፣ ክቡ ውስጥ እንደቆመ፣
እግሩን ለማውጣት ፈርቶ።
"አላውቅም" አልኩት።
"ቀይ ባንዲራ አለ?"
"የለም።"
ያን ጊዜ ወጣ፣ በኋላ በኩል፣ እንደ ደንቡ።

ሰኔ ላይ ውሉ አለቀ። ሻንጣው ሁለት ኪሎ ቀልሎ፣
አውቶቡስ ተሳፈረ፣ ብርድ ልብሱን ለትምህርት ቤቱ ዘበኛ ጥሎ።
አንድ ካርድ ጽፎልናል፤ ቃሉ አንድ ነው፦ "ተገኘ?"
መልስ አልሰጠንም፤
ያ ዓመት ደብዳቤ የሚጻፍበት ዓመት አልነበረም።

አሁን ጡረታ የወጣሁ ቀያሽ ነኝ፤ ሜትር ይዤ ነው ያረጀሁት።
የአቶ ጓንጉል ለቅሶ ላይ፣ በጠላ ጋን አፍ አየሁት፤
ክዳኑ ላይ የተጫነ፣ ጠርዙ የዛገ፣ ሆዱ የጠጣ።
"ከሰማይ ነው" አሉ ሚስታቸው፣ "ገብስ ስንጠብቅ የመጣ።
ይወስዱብናል ብለን ለሰው ሳንናገር ኖርን።
የወደቀው እዚያ ነው፣ ከወይራዋ ሥር።"

ወይራዋ የለችም፤ ጉቶዋ ፋብሪካ ግቢ ገባ።
በማግስቱ ከኖራው ቦታ ጀምሬ ስዘረጋ አጥሩ ያዘኝ፤
ዘበኛው መጣ። "ፈቃድ አለህ? ምን ትለካለህ፣ አባባ?"
ነገርኩት። ሣቀ።
ጫፉን ተቀበለኝና በሽቦው አሾልኮ
እስከ ጉቶው ሄደ፤ ወጣት አይደል፣ ሮጠ እንጂ።
"ስንት ሆነ?" አለ ከማዶ።
ቁጥሩን ጮኬ ነገርኩት።
"ጥሩ ነው?"
"ነፋሱ" አልኩት፣
"ከፊት ነበረ።"