ሕፃኑ ባለርስት

በኩምባኮናም ችሎት ስም መጥራት ነው ሥራዬ፤
ሠላሳ አንድ ዓመት በሩ ላይ ቆሜ ሻከረ ጉሮሮዬ።
ሦስት ጊዜ ነው ደንቡ፤ ለአራጣ አበዳሪም፣
ላሙ ለጠፋበትም፣ ሚስቱ ለካደችውም።

ሰኞ ሰኞ ግን አንድ ከሳሽ አለ፣
ዘመኑን ሙሉ «አቤት» ያላለ።
«ማሩዴስዋራር!» እላለሁ፤ ኮሪደሩ ያስተጋባል፤
ጠበቃው በእሱ ፈንታ እጁን ያነሣል።

የማሩዳንኩሪቺ አምላክ ጥቁር ድንጋይ ነው፣
ክንድ የማይሞላ፣ ዘይት ያወዛው።
በሕግ ፊት ግን ሰው ነው፤ ርስት አለው፣ ይከስሳል፤
ሰው ሲሆንም ሕፃን ነው፤
ሺህ ዓመት አልፎትም «አካለ መጠን አልደረሰም» ይባላል።
መሸጥ አይችል፣ መፈረም አይችል፤ ሞግዚት ይሾምለታል፤
ሞግዚቱም አንዳንዴ ከልጁ ቀድሞ ይጎርሳል።

ዘጠኝ ሄክታር የሩዝ ማሳ፣ የካቬሪ ውሃ የሚያርሰው፣
ለአንዲት መብራት ዘይት አንዲት ንግሥት የሰጠችው።
ድንጋይ ላይ ተቀርጿል፦ «ፀሐይና ጨረቃ እስካሉ ድረስ
መብራቲቱ አትጥፋ፤ ይህ ቃል አይፍረስ።»
ፀሐይም አለች፣ ጨረቃም አለች፤
መብራቲቱ ግን ጠፋች።

ባላደራው ቫይቲሊንጋም ፈርሞ ሸጠው።
«የበሩ ማማ ተሰንጥቆ ነው» አለ ለዳኛው፤
«በዋጋው ላድሰው።»
ማማው ዛሬም እንደተሰነጠቀ ነው።
በስንጥቁ መሐል የበቀለች ዋርካ
አደገች ከሰውየው ሴት ልጅ ጋር ተለካክታ፤
ልጅቱ በሰባት ቀን ድግስ ተዳረች፤
ዋርካዋ እዚያው ቀርታ ድንጋይ ትፈነቅላለች።

ፔቺያማል ቀረበች፣ አርባ ዓመት ችግኝ የተከለች፤
ተረከዟን ደፉ ላይ ጠርጋ ገባች።
ጠበቃ ናቺያፓን «የኪራይ ውል አለሽ?» አላት።
«ከሕፃን ጋር ማን ይዋዋላል?» አለችው ሳትፈራ በድፍረት።
«ሲያፈራ እሰፍርለታለሁ።
ሲደርቅ እሱም በጨለማ ያድራል፣ እኔም ውሃ ጠጥቼ እተኛለሁ።»
ዳኛው ፈገግ አሉ፤ ጸሐፊው አልመዘገበም፤
ለፈገግታ የሚሆን ዓምድ መዝገቡ የለውም።

«ይርጋ አልፎታል!» ይላል አንዱ።
«በሕፃን ላይ ይርጋ አይቆጠርም!» ይላል ሌላው ከማዶ።
እነሱ ይህን ሲባባሉ አምስት ዳኛ ተቀየረ፤
ፔቺያማል ሞተች፤ ልጇም ቲሩፑር ሄዶ ሹራብ ፋብሪካ ተቀጠረ።

መሬቱ ፍርድ አልጠበቀም፤ በኖራ ችካል ተሸነሸነ፣
ቦዩ ተደፍኖ መንገድ ሆነ።
አስተማሪ ገዛ፣ የባቡር ጡረተኛ ገዛ፣ ነርስ በብድር ገዛች፤
የአንዱም ካርታ ላይ ያቺ መብራት አልተጻፈች።

ባለፈው ሰኞ አዲሷ ዳኛ አዘዘች፦
«በቦታው ላይ የሠፈሩት ሁሉ በተከሳሽነት ይግቡ» አለች።
ዝርዝሩን ተቀብዬ መነጽሬን አጠለቅሁ፤
ከአንድ እስከ አርባ ሁለት ሳልደናቀፍ ጠራሁ።

አርባ ሦስተኛ፦
ሙቱቬል፣ የሶማስካንዳን ልጅ።

እኔ ነኝ።
ሚስቴ የሠርግ ወርቋን የሸጠችበት ቦታ፣
አጥሩ ሥር ጃስሚን የተከለችበት ቦታ።
ደንብ ደንብ ነውና ሦስቴ ጮኽኩ ስሜን፣
ማንም እንዳልመጣ ሆኜ አየሁት በሩን።
«አለ?» አለች ዳኛዋ።
ደፉን አለፍኩ፤ ሠላሳ አንድ ዓመት የቆምኩበትን፤
«አቤት» አልኩ፣ እንደ ማንም ባለጉዳይ፣ አጎንብሼ አንገቴን።

የዚያን ዕለት ማታ ግማሽ ሊትር የሰሊጥ ዘይት ይዤ
ማሩዳንኩሪቺ ወረድኩ፣ በብስክሌት፣ ጨለማን ታግዤ።
ኪራይ ይሁን፣ ካሳ ይሁን፣ ጉቦም ይሁን አላውቅም፤
ጠበቃዬ ቢሰማ «እምነት ሰጠህ!» ብሎ አይምረኝም።

ሽማግሌው ካህን ዘይቱን ቀዱ፣ ክሩን አሹ፣ ለኮሱ።
ድንጋዩ ጥቂት አበራ፤ ሕፃን አይመስልም ራሱ።
ቀጥሎ የደረሰኝ ጥራዝ ከጉያቸው አውጥተው፣
«በማን ስም ልጻፈው?»
አሉኝ፣ እስክሪብቷቸውን በምራቅ አርሰው።

ቀን ሦስቴ የጮኽኩትን ስም፣ ለአራተኛ ጊዜ፣
መጥራት አቃተኝ። ቆምኩ፣ ብስክሌቴን ይዤ።