የሐረጎ ደብተር

አባቴ አደም ይማም ባሕር የሚሉትን አላየም፣
ከገርባ ወዲያ ማዶ እግሩ አልተሻገረም።
ግን የሰመጠ ሁሉ በእጁ ተመዝግቧል፤
የሠላሳ ሁለት ዓመት ስብራት በአንድ ደብተር ተይዟል፣
ሰማያዊ ሽፋኑን የግራሶ ጣት የነካካው፣
ጠርዙን አይጥ የበላው።

«ጥር አሥራ ሁለት። ኤንትሬ፣ ከነተሳቢው።
ፍሬን እምቢ ብሎ፣ ሦስተኛው መታጠፊያ።
ስኳር። ሾፌሩ ደኅና። ረዳቱ እጁን።»

«ጥቅምት አራት። ጉም። ሬንጅ፣ አርባ በርሜል።
አንዱ በርሜል ተንከባሎ ቦርከና ደርሷል።»

«ሰኔ። ቀኑ ጠፋኝ። ጨው።
ዳገቱ ላይ ወደ ኋላ ተንሸራቶ ነው።
ሾፌሩ ዑቅባይ፣ ከአሰብ የመጣው።»

ዑቅባይ እግሩ እስኪጠገን
እኛ ቤት ከረመ፣ ፍልሰታን እኛው ጋር ጾሞልን፤
እናቴ ለሱ ብቻ ሌላ ድስት ለየች።
ማታ ማታ ያወራናል ስለ ባሕር ዳርቻ፣
ስለ ስውር ድንጋይ፣ ስለ ማዕበል ዛቻ፣
ስንቱን መርከብ እንደበላ አንድ ክንድ ጥልቀት ብቻ።
«ላዩ ውሃ ነው» ይላል፣ «ለጥ ያለ፣ የዋህ፤
ሥሩ ግን ጥርስ አለው፣ ካላወቅከው በላህ።»
አባቴ ሳቀና በጣቱ ወደ ላይ አሳየው፦
«አብሽር፣ የኛም ባሕር ያውልህ፣ ቆሞ ነው።»

እውነቱን ነው።
ጧት ጉሙ ተኝቶ ሜዳውን ሲሞላ፣
የፋብሪካው ጭስ ማውጫ ከወገቡ ሲበላ፣
ሐረጎ ዳርቻ ነው፣ ወደብ አልባ፤
ከደሴ የሚወርደው መኪና መብራቱን አብርቶ
ቀስ እያለ ወደ ነጩ ውሃ ሲገባ።

እኔ ግን በልጅነቴ የማውቀው ድምፁን ነው፦
መጀመሪያ ጥሩንባ፣ ረጅም፣ የማያቋርጥ፤
ቀጥሎ ጸጥታ፤
ቀጥሎ ብረት በድንጋይ ሲፋቅ፣ ሲላጥ፤
ከዚያ የሰው ሩጫ።
አንሶላ ይዞ የሚሮጥ አለ፣ ለቁስለኛ፤
ጆንያ ይዞ የሚሮጥም አለ። ጆንያ የያዝነው እኛ።
ያን ጥር የሰፈሩ ሻይ ጣፋጭ ነበረ፤
ስለ ረዳቱ እጅ ማን ምን ተናገረ?

አባቴ በሞተ በሰባተኛው ቀን
ደብተሩን ገለጥኩት፣ ማታ፣ ብቻዬን።
አንድ ገጽ አለ፣ በላጲስ ተፍቋል፤
ኩራዝ ላይ ሲይዙት ግን ፊደሉ ይነበባል፦

«መስከረም። ሌሊት። ስድስተኛው መታጠፊያ። ቆርቆሮ።
ይጣራ ነበር።
ቆርቆሮውን አስቀድሜ አነሳሁ።
የሾፌሩ ስም»

ከዚያ ባዶ ነው።

እናቴ ለእንግዳ ሁሉ ስትኮራ የኖረችበት፣
«የስልሳ ቆርቆሮ ቤት ነው» የምትልለት፣
ይሄ ቤት። ቀና ብዬ ከማገሩ በላይ ቆጠርኩ፤
ሃምሳ ስምንት ላይ ስደርስ አቆምኩ።

ለካ ለዚያ ነው
በስድስተኛው መታጠፊያ፣ ከባሕር ዛፉ ግንድ ላይ፣
ከወደቀ መኪና የተነቀለ የፊት መብራት፣
አንድ ዓይና፣ መስተዋቱ የተሰነጠቀ፣
ሌሊቱን ሁሉ ሲበራ ያድር የነበረው፤
ለዚያ ነው በየምሽቱ ባትሪ ተሸክሞ
ያን ዳገት የሚወጣው፤
እናቴ «ሰውየው ጤናም የለው» ስትል
መልስ የማይሰጠው።
እኔ ደግሞ ዑቅባይ ካወራለት
የወደብ መብራት የኮረጀው ይመስለኝ ነበር።
ለማያውቁት መርከብ ማብራት፣ እንዲያው ለጽድቅ፣ እንዲያው ለክብር።

ዛሬ ክረምቱ ገብቷል። ዝናቡ ጣሪያውን ይደበድበዋል፤
ከውስጥ ሆኖ ሰው ቢጣራ አይሰማም።
ባትሪው ከባድ ነው።
ዳገቱን ገና አልለመድኩትም።