አራተኛው ረቂቅ

ትዕይንት አንድ፦ ውጪ፣ ቀን። የጁገል ግንብ ጥግ።
ብዬ ጻፍኩኝና፣ ሐሳቤ አለ ዝግ።
ፕሮዲውሰሬ ደውሎ «ጅብ ይግባበት» አለኝ፣
«ቅርስ ቅርስ የሚሸት ነገር አድርጊልኝ።»

ጅብ አስገባሁለት።
አሮጊት አስገባሁ፣ ከተረት በቀር የማትናገር፣
የቲማቲም ዋጋ ጠይቃ የማታውቅ በዚህች ምድር።
ሦስት ጊዜ ጻፍኩት፤ ሦስቴም አፈርኩበት።

(የድሬዋ አክስቴ ኑሪያ፣ ከፊራ ገበያ መሃል
በሦስት ቋንቋ ትከራከራለች፣
በአራተኛው ትሳደባለች።
እሷን ግን አልጻፍኳትም።)

የተከራየሁት ክፍል መኪና ግርግር ላይ ነው፤
ከሥሬ የልብስ ሰፊው መርፌ ቀኑን ሲወጋው፣
ገጸ ባሕርያቴ ሁሉ በእሱ ምት ያወራሉ፤
ጠቅ ጠቅ ጠቅ ብለው፣ ክር ሲያልቅ ዝም ይላሉ።

ከጎኔ አው ዙበይር፣ መጽሐፍ ጠራዥ ናቸው፤
ወስፌ፣ ሙጫ፣ ቆዳ፣ ድንጋይ ነው ዕቃቸው።
«አንቺ ልጅ፣ ሥራሽ ምንድነው?»
«ፊልም እጽፋለሁ።»
«ፊልምም ይጻፋል?» ብለው ሳቁ፤ አብሬ ሳቅሁ።
ቀጥለው «የተበላሸ ወረቀት አይጠፋሽም» አሉኝ።
ሦስቱንም ሰጠኋቸው። ለእሳት ነው የመሰለኝ።

እሳቸው ግን ሙጫ ቀቡት፣ ገጽ በገጽ ደረቡት፤
ጅቡን በአሮጊቷ ላይ፣ ሠርጉን በለቅሶው ላይ፣
ከዚያ ድንጋይ ጫኑበት።
ጠዋት ደርቆ ጣውላ ሆነ፤ ቀይ ቆዳ አለበሱት፣
ምስጥ ለበላው የሰው ኪታብ ደረት አደረጉት።

«ድሮም እንዲህ ነው» አሉ፣ ዓይናቸውን ሳያነሱ።
«አያቴ የጠረዙትን ስፈታ፣ ከሽፋኑ ሆድ ብጣሽ ወጣ፦
የጨው ዕዳ፣ የሁለት ግመል ጭነት።
ተበዳሪው ሞቷል፣ አበዳሪው ሞቷል፣
ማንም አልጠየቀበት።
መጽሐፉ ግን ቆሟል፣ በዚያ ዕዳ ጉልበት።»

«ታዲያ ምን አደረጉት?»

«መልሼ ለጠፍኩት።»

ያን ማታ አራተኛውን ጀመርኩ፦
ውስጥ። ሌሊት። ፋኖስ የለም፤ አምፖል ነው፣ ያውም የሚርገበገብ።
አንድ ሽማግሌ በወረቀት ላይ ወረቀት ይለጥፋል።
ምን እንደተጻፈበት ካሜራው አያነብም።
ንግግር የለም።
ከታች ብቻ፣ ከሩቅ፣ አንድ መርፌ ይሰፋል።

ፕሮዲውሰሬ አንብቦ ደወለ፤ ቅር ብሎታል።
«ጅቡስ? ጅቡ የት ገብቷል?»

«አለ» አልኩት። «ሽፋኑ ውስጥ ነው።»