ባዶ ነው

ሠራተኛ ሰፈር፣ ከቁልቁለቱ ሥር፣
ቁልፍ ከሚቀርጸው ሰው ከሚቀጥለው በር፣
ጠባብ ሱቅ አለችው፤ ጋሽ መንክር ይባላል፤
ፈቃዱ በፍሬም ከግንቡ ተሰቅሏል።

ያባቴን ጠመንጃ በጋቢ ጠቅልዬ፣
የፈቃድ ደብተሩን ቦርሳዬ ውስጥ ጥዬ፣
በላዳ መጣሁኝ፤ ሹፌሩ ሲጠይቅ
«የመጋረጃ ዘንግ» አልኩት እንዳይጨነቅ።

«ባዶ ነው» አልኩና ከጠረጴዛው ሳኖር፣
ጋሽ መንክር እኔን አላየም፤ አፈሙዙን ነበር
ያየው። ምንም ሳይል፣ በሁለት ጣት ነክቶ፣
ወደ አሸዋው በርሜል አዞረው ጎትቶ።

«የማን ነው?»
              «ያባቴ። አዳኝ መርቷል፣ ባሌ፣ ኦሞ፤
ካልጋው ሥር ነው ያለው ዐሥር ዓመት ከርሞ።»
«ባዶነቱን ማን አየ?» «እሱ ነዋ ያለን፣
ልጆች ሆነን ድሮ ስንነካው ሲያየን።»

«ያላችሁን ተይው፤ ማን አየ ነው ያልኩት።
ሰው ይረሳል ልጄ፤ ብረት ግን ያጎረሱት፣
ዐሥር ዓመት ቢሆንም፣ ሳይውጥ፣ ሳያላምጥ፣
ይቆያል አንድ ጣት ቃታው ላይ እስኪቀመጥ።»

ጣቱን ከቃታው አርቆ፣ ቀጥ አድርጎ ዘርግቶ፣
ቀለበት የመሰለ እጀታውን ፈቶ፣
ወደ ታች ሲገፋው፣ እንደ በር መቀርቀሪያ
«ቀጭ» አለ። ምንም የለም። ይህ ግን መጀመሪያ።
«ይኸው» አልኩ በኩራት፤ እሱ ግን አልሰማ፤
መለሰ፣ ደገመ። ከሆዱ ጨለማ
ዝገት ያነቀው ሽቦ ሲፈታ ባንዳፍታ፣
ጥይት ዱብ አለች፣ የለበሰች ሻጋታ፤
ተንከባላ ሄዳ መነጽሩ ጋ ቆመች፤
ጫፏን ወደኔ አድርጋ፣ ደረቴን አለመች።

ስንት ቀን ነው እኔ፣ በዚሁ ብረት ፊት፣
«እጅ ወደ ላይ» ብዬ ይርዳውን ያቆምኩት?
ታናሼ ነው። ዛሬ የሁለት ልጅ አባት፣
ገርጂ ጋራዥ አለው።
                          እስካሁን አልነገርኩት።

ጋሽ መንክር አልተቆጣም። ትንሿን ጣቱን
በክፍቱ ጉሮሮ ከቶ ዳሰሰ ቤቱን፤
«ዓይን ይሸወዳል፤ ጣት ነው የሚመሰክር።
አይተሽ፣ ነክተሽ፤ ከዚያ ስለ ዘይት እንነጋገር።»

ይህ ዓይነት መሣሪያ ጀርባው አይከፈትም፤
ዘንግ በአፉ ነው እንጂ በኋላው አይገባም።
ሆዱን ጨርቅ ጎዝጉዞ፣ ጉድፍ እንዳይወርድበት፣
አፉ ላይ አጠለቀ የናስ ቀለበት፤
«ከንፈር ነው፤ አደራ፣ ዘንጉ እንዳይልጠው፤
ጥይት መንገዱን ነው ሳይነግር የሚለውጠው።»

የመጀመሪያው ጨርቅ ጥቁር ሆኖ ወጣ፣
ሁለተኛው ቡኒ፤ አራተኛው ሲመጣ
ነጭ ሊሆን ምንም አልቀረው። ከዚያ ዘይት ጠብ፣
አንዲት ጠብ። «ሲበዛ ጠላት ነው፣ አቧራ የሚስብ።»

ከደጅ ቡልዶዘር የጎረቤት ግንብ ይንዳል፤
እንደ ወፍጮ ቤት ደጅ አቧራው ይነፍሳል።
«ለእኔም ቁጥር ጽፈዋል» አለ፣ «ሰኔ ይሆናል።»
ደግሞም፣ ያንኑ ጨርቅ እያጠፈ፣ ቀጠለ፦
«ሹል ጥይት አትግዢ፤ ቱቦው ውስጥ ሲደረደሩ
ያንዱ አፍንጫ ካንዱ መቀመጫ ላይ ነው ማደሩ።»
«አልገዛም፣ ጋሽዬ።»
                    «አለመግዛትም ዕውቀት ይፈልጋል።»

ከመሳቢያ አወጣ የብስኩት ቆርቆሮ፤
«ባዶ ነው ብለውኝ ሰዎች፣ ካምና ዘንድሮ፣
ያወጣሁት» አለ። ሠላሳ ሰባት ናቸው፤
ዓመት ሲሞላ ነው ለፖሊስ የሚሰጣቸው።
የእኔንም ጨመራት፤ «ቅል» አለች ስትወርድ።
«ሠላሳ ስምንት» አለኝ፣ ሳይሥቅ፣ ሳይፈርድ።

ከፍዬ ወጣሁኝ። እስከ ጊዮርጊስ ዳገት
ጋቢው ያው ጋቢ ነው፣ ክብደቱም ያው ክብደት፤
ጫፉን ግን ወደ አፈር፣ ወደ ታች ነው የያዝኩ፣
ተማሪ ሲያጋጥመኝ ቆሜ እያሳለፍኩ።

«ምንድን ነው?» አለ ሌላ ሹፌር ሲቀበለኝ።
«ጠመንጃ ነው» አልኩት። «ባዶ ነው?» ሲለኝ፣
አይቻለሁ፤ ነክቻለሁ፤ ጣቴ ላይ ዘይቱ አለ፤
«ባዶ ነው» ማለት ግን ምላሴ እንቢ አለ።