ቆርጦ ቀጥል

አባቴ ከሲያትል ደውሎ «ለመሆኑ ሥራህ ምንድን ነው?» ቢለኝ፣
«ቆርጦ መቀጠል» አልኩት።
«እሱማ እኛም ዕድር ውስጥ ሞልቷል» አለኝ፤
ሳል እስኪይዘው ሳቀ፤ እኔም ተውኩት።

ሃያ ሁለት ዓመት፣ በርባንክ፣ መስኮት አልባ ክፍል፣
ከጎማ ጥገናው በላይ፣ ሁለተኛ ፎቅ።
ፊልም አልሠራሁም እኔ፤
ፊልም ሲሠራ የሚያሳየውን ነው
የምተረትረው፣ የምሰፋው፣ የማስታርቅ።

አዎ፣ የማስታርቅ። ዳይሬክተሩና ተዋናይዋ
ስድስት ሳምንት ሙሉ ሰላም አልተባባሉም።
ማክሰኞ እሷ ስትስቅ ከፀጉር ሠሪዋ ጋር፣
ዓርብ እሱ ሲስቅ በስልኩ፣ ከማን ጋር እንደሆን አላውቅም፣
ሁለቱን ሳቅ አፋጠጥኩ፣
«እንደ ቤተሰብ ነበርን» የሚል ድምፅ ደረብኩበት፤
ሽማግሌ ሳይላክ፣ በግ ሳይታረድ
ይኸው እስከ ዛሬ ታርቀው አሉበት።

ካሴቱ አለፈ። ዲስኩም መጣ፣ ሄደ።
«ሁለተኛው ዲስክ» ነበር የእንጀራ ገመዴ፣
ስልሳ ደቂቃ፣ ሰባ ደቂቃ፣ እንደ ልቤ፤
ተበጠሰ እሱም። ዛሬ «ሦስት ደቂቃ» ነው ትእዛዙ፤
«ሰው ትዕግሥት የለውም፣ አሳጥር፣ ወንድሜ።»

ባለፈው ኅዳር አንዲት ሴት ደወለች።
ግራሲዬላ ኦቾዋ። ስልኬን ከየት እንዳገኘች አልጠየቅኩም።
«ባሌ ሩበን አናጢ ነበር፤
በዚያ በቤተ መንግሥቱ ፊልም
ትልቁን ደረጃ የሠራው እሱ ነው።
ምናልባት አንድ ቦታ ላይ ካለ... ካላስቸገርኩህ።
በግራ እጁ ነው የሚሠራው፣
ቢጫ ሜትር ከቀበቶው አይለይም፤ በዚያ ትለየዋለህ።»

ሁለት መቶ አሥር ሰዓት ቀረጻ። ሦስት ሌሊት።
የጣልኩትን ሁሉ እንደ ውራጅ ነጋዴ አራገፍኩት።
አሥራ አንድ ሰከንድ።
ወደየትም በማያደርሰው ደረጃ ጫፍ ተቀምጦ
ሳንድዊች ይበላል።
ከበላዩ ሰማይ የለም፣ የመብራት ብረት ነው።
ካሜራው እሱን አልፈለገም፣ ወደ ተዋናይዋ እያለፈ ነው፤
ሩበን አየው፤
መንገድ የዘጋ መስሎት
እግሩን ሰብሰብ አደረገው።

የጣልኩት እኔ ነኝ። የገዛ እጄ ጽሕፈት
ከጎኑ ሰፍሯል፦ «አይጠቅምም፤ ሰው ገባበት።»

ላክሁላት። ማታውን ደወለች።
«እያኘከ ነው!» ብላ ሳቀች፤ ዝም አለች፤
ቆይታ፣ «ሽንኩርት አታብዢ ብሎኝ ነበር ያን ሰሞን» አለች።

ዘንድሮ ፊልሙ ሃያ ዓመት ሞላው፤
መታሰቢያ ታዘዝኩ፣ ሦስት ደቂቃ ልክ።
ዛሬ ጠዋት አስረከብኩ።
ፕሮዲዩሰሩ አየ፣ ሰዓቱን አየ፣ ደግሞ አየ፣
«በአሥራ አንድ ሰከንድ ይበልጣል» አለኝ።
«ይበልጣል» አልኩት።