አስትራጋሎስ

አባቴ አርጊሪስ፣ ዕብነ በረድ ጠራቢ፣
ፊደል ያልገፋ፣ ድንጋይ ግን አንባቢ፣
መርከብ ሲያልፍ እንኳ ቀና የማይል ሰው፣
የአንድ ዓምድ አንገት ሁለት ወር ያዘው።
አንድ ዶቃ ክብ፣ ሁለት ቀጭን ቀለበት፣
ደግሞ አንድ ዶቃ፣ ደግሞ ሁለት ቀለበት፣
እንደ ሙሽራ ሐብል ዙሪያውን ጠምጥሞበት።
ስሙን አስትራጋሎስ ይሉታል በቲኖስ።

ቅዳሜ ሊመሽ ሲል፣ የመጨረሻዋን ዶቃ ጨርሶ፣
"እስቲ ከሩቅ ልየው" ብሎ እግሩን መልሶ፣
ከኋላው ያለው ጣውላ አልጠበቀው።
ስንት ክንድ እንደወደቀ መሬቱ ነው የሚያውቀው።
በሌሊት ጀልባ ወሰድነው ወደ ሲሮስ።

ሐኪሙ ራጁን በብርሃን ላይ ሰቅሎ፣
"አስትራጋሎስህ ተሰብሯል" ቢለው አቃልሎ፣
አባቴ ተነሥቶ በአንድ እግሩ ቆሞ፣
"ማን ነካው? ገና ትናንት ጨርሼው! ደግሞ
ለአንተ ማን ነገረህ? ዓምዱስ ቆሟል ወይ?
ስንጥቁ ከሥር ነው ወይስ ከላይ?"

ነርሶቹ ሳቁ። እኔ ግን አልሳቅሁም፤
ቃሉን አውቀዋለሁ፣ እንጀራዬ ነው ለእኔም።
የዕፀዋት ሰው ነኝ፤ በጋዜጣ መሃል
ቅጠል ማድረቅ ኑሮዬ ሆኗል።
ያን ሳምንት ቦርሳዬ ውስጥ ከገደል የለቀምሁት፣
ስሙን በእርሳስ ከግርጌው የጻፍሁት፣
እሾሃም፣ ድንክ፣ እንደ ጃርት የተቀመጠ፣
ዘመዱ በሌላ አገር ሲበጡት ሙጫ የሰጠ፣
ዘሩ በፍሬው ሆድ የሚንኮሻኮሽ፣
ይኸም አስትራጋሎስ ነው። ነገርኩት እየፈራሁ፣ በለሆሳስ።
"የኔ ዶቃ ስም" አለ አባቴ፣
"ለፍየል ቁርስ ይሁን? ኧረ በሞቴ!"

ከጎኑ አልጋ ላይ የኢዝሚር መርከበኛ፣
ክንዱን የሰበረ፣ ቱርጉት የሚባል ወሬኛ፣
እንደ ክንዱ ስብር በሆነ ግሪክኛ፣
"ልጆች ሳለን" አለ፣ "በግ በታረደ ቁጥር
ይችን አጥንት ነበር የምንሻማት በምስጢር።
አራት ጎን አላት፤ በሆዷ ብትተኛ ሌላ ነው ዕዳዋ፣
በጀርባ ብትወድቅ ሌላ ነው ሲሳይዋ።
አሽክ እንላታለን። ትንሽ ከረዘመ 'አ'ው በአፍህ ውስጥ፣
አፍቃሪ ማለት ነው፤ እሱስ ቢሆን ሲገለበጥ
አይደል የሚኖረው?"

ወለሉን የምትወለውል ሩዋይዳ፣ የሐለብ ልጅ፣
ከመወልወያው በቀር እዚያ የሌላት ወዳጅ፣
"ካዕብ" አለች ቀስ ብላ፣ ቁርጭምጭሚቷን ነክታ፤
"በእኛም አጥንት ነው፤ ዕጣም ነው፣ በጨዋታ።"
ባልዲዋን አንሥታ፣ ቃሏን ጥላ ወጣች፤
ሁላችንን አቀርቅረን እግራችንን አሳየች።

ማታ የአክስቴ ልጅ ዘኖን መጣ፣ የቁፋሮ ሠራተኛ፣
ጥፍሩ ሥር አፈር።
"ባለፈው ወር" አለ፣ "አንድ መቃብር ከፈትን፣
ርዝመቱ ከክንዴ አይበልጥም።
በቀኝ እጁ በኩል አሥራ ዘጠኝ የበግ አጥንት።
አለቃችን 'አስትራጋሎስ፣ አሥራ ዘጠኝ' ብላ መዘገበች።
አንዷ ግን ለስልሳ ነበር፣
ከሁሉ ይልቅ እሷን ይወዳት ነበር መሰለኝ።"

ቱርጉት እንኳ ዝም አለ።

ሐኪሙ ሲሰናበት፣ ጀሶው ሊደርቅ ሲል፣
"ይህ አጥንት ጉደኛ ነው፤ አንድ ጡንቻ እንኳ አይነካውም" ይላል፤
"የሰውነትን ክብደት ሁሉ ይሸከማል፣
እሱን ግን የሚያንቀሳቅሱት ጎረቤቶቹ ናቸው።"
አባቴ ጣሪያውን እያየ ብዙ ቆየ።

ሲነጋ "ኤቫንቲያ፣ እርሳስሽን አምጪ" አለኝ፤
ነጩን እግሩን እንደ ድንጋይ እያሳየኝ።
"ያን ስም እዚህ ጻፊው።"
"የትኛውን?" አልኩት፣ "የዓምዱን? የአጥንቱን?
የቅጠሉን? የልጁን?"
"አንድ ጊዜ ጻፊው" አለ፣ "ለሁሉም ይበቃል።"

ጻፍሁት። ፊደል ያልገፋው አባቴ
ዓይኑን ጨፈን አርጎ ለካው፤
"አራተኛዋ ዘመመች" አለኝ።